ሽሪምፕ በቡላ

ሆሳዕና፣ ኅዳር 1979 ዓ.ም.

ውድ ወልደየሱስ፣

አትምጣ። ሰላምታው ይቆየንና መጀመሪያ ይህን ልበልህ። ጠና ትናንት ከዱራሜ ሲመለስ መልእክትህን ነግሮኛል። በሚመጣው ሳምንት ካልመጣች እኔው ሄጄ አመጣታለሁ ብለሃል። ጠናን ታውቀዋለህ፤ መልእክት ሲያደርስ የላኪውን ቁጣ ጭምር ነው የሚያደርሰው። ሱቁ ውስጥ ቆሞ እንዳንተ ቅንድቡን ቋጥሮ ሲናገር ሚስቱ ትርፊት ሳቀችበት። እኔ ግን ወረቀት ፍለጋ ገባሁ። ሆሳዕና መናኸሪያ ከአውቶቡስ ከወረድክ ተመልሰህ እስር ቤት ነህ። ይህ የእኔ ስጋት ብቻ አይደለም፤ ጓድ ቸኮል ራሱ በአፉ የነገረኝ ነው። ስለዚህ እባክህ ደብዳቤዬን አንብበህ ሳትጨርስ ከቤት አትነሳ።

እንዴት ነህ ታዲያ? ሳልህ ለቀቀህ? እናታችንስ እንዴት ናቸው? «ልጄን አስፈትታ ራሷ ጠፋች» እያሉ ለጎረቤት እንደሚናገሩ ሰምቻለሁ፤ አልተቀየምኳቸውም። በእሳቸው ቦታ ብሆን እኔም ከዚያ የባሰ እናገር ነበር። ሰው ስለ እኔ የሚያወራው አንተም ጆሮ ደርሷል፤ ጠና ሊደብቀኝ ቢሞክርም ዓይኑ ላይ አየሁት። ቅዳሜ ቅዳሜ ቸኮል ቤት ትገባለች ይላሉ። እውነታቸውን ነው፣ እገባለሁ። የምገባው በጓሮ በር ነው፣ የምውለው ወጥ ቤት ነው፣ የምሠራውም ጥብስ ነው። ሽሪምፕ እጠብሳለሁ።

አሁን እንደምትስቅ አውቃለሁ። አዲስ ሙሽሮች ሳለን፣ ምጽዋ አጎቴ ቤት ስላደግሁበት ጊዜና ስለሠራሁበት ሆቴል ሳወራልህ፣ እዚያ ጋምበሪ የሚሉት ነገር ምን እንደሚመስል ጠየቅከኝ። ጢም አለው፣ እግሩ ብዙ ነው፣ ወገቡ ይጎብጣል ብዬ ስነግርህ «በቃ የባሕር አንበጣ ነው በይኛ» አልክና ስንት ቀን መቀለጃ አደረግከኝ። ያ አንበጣ ነው አንተን ከእስር ያወጣህ። እኔን ያስገባኝም እሱው ነው።

ከመጀመሪያው ልንገርህ። ቤተ ክርስቲያናችን ከተዘጋ በኋላ ቤትህ ለጸሎት ሰው ሰብስበሃል ብለው ሲወስዱህ ያላንኳኳሁት በር አልነበረም። የጠየቅሁት ሁሉ ጉዳዩ በባለሥልጣኑ በጓድ ቸኮል እጅ ነው ይለኛል። እሱ ቢሮ ደግሞ አያስገቡኝም። በመጨረሻ ትርፊት፣ የሰውዬው ሚስት ወይዘሮ አስናቀች ከሱቃቸው ዘይት እንደምትገዛ ነገረችኝና በሴት በኩል ሞክሪ አለችኝ። ሄድኩ። የጓሮውን በር ገፍቼ ስገባ አስናቀች ባልዲ ላይ አጎንብሳ ታለቅሳለች። ፊት ለፊት ወይዘሮ እላታለሁ፣ እዚህ ግን ይቅርብኝ። ባልዲው ውስጥ በረዶው ያልለቀቀ ሽሪምፕ ነበር። ሰውዬው አሰብ ሠርቶ ጣዕሙ ስላልወጣለት ወዳጁ በአውሮፕላን አዲስ አበባ ይልክለታል፣ ከዚያ የመሥሪያ ቤቱ ላንድሮቨር በበረዶ ሣጥን ያመጣለታል። ሰው ስንዴ ለማስፈጨት ወረፋ በሚጠብቅበት ከተማ እሱ የባሕር አንበጣ በመንግሥት ነዳጅ ያስመጣል። ባለፈው ጊዜ አስናቀች እንደ ሥጋ ቀቅላው ጎማ ሲሆንባት ሳህኑን ግድግዳ ላይ ወርውሮታል። እኔ በሄድኩበት ቀንም እንግዳ ነበረበት።

ወልዴ፣ የሄድኩት ልለምን ነበር። ለቅሶዋን ሳይ ግን ልመናውን ረስቼ እጄን ታጠብኩ። እሜቴ ይተዉልኝ አልኳትና ቅርፊቱን ገፈፍኩ። ጀርባውን ሰንጥቄ ጥቁሩን ክር አወጣሁ፤ በጨውና በሎሚ አሸሁት። ምጽዋ በስንዴ ዱቄት ነበር የምንለውሰው። የቀበሌው ሱቅ ግን ዱቄት ካመጣ ቆይቶ ነበር። ቤቱ ውስጥ የነበረው አንድ የሌሞ ገበሬ እጅ መንሻ ያመጣው ቡላ ብቻ ነው። አስናቀች የወሎ ልጅ ስለሆነች ቡላ ለአራስ ገንፎ ካልሆነ ለሌላ የሚጠቅም አይመስላትም፤ ጥግ ጥላው ደርቋል። እኛ ዘንድ ደግሞ ለከበረ እንግዳ የሚወጣው ጥሩው ቡላ ነው። ሳላስበው እጄ ወደዚያ ሄደ። ወቅጬ በወንፊት ነፋሁት። ሽሪምፑን በቡላ ለወስኩ፣ በተመታ እንቁላል ነከርኩ፣ እንደገና በቡላ ለወስኩ።

ዘይቱ መድረሱን የማውቀው ቡላ ቆንጥሬ ጣል በማድረግ ነው፤ ተንጫጭቶ ወዲያው ከተንሳፈፈ ደርሷል። ጥቂት ጥቂት እያደረጉ መጥበስ ነው። ካጨናነቁት ዘይቱ ይቀዘቅዝና ሁሉም ይልፈሰፈሳል። ጩኸቱ ሲሳሳ ማውጣት፣ ካወጡት በኋላ ደግሞ አለመደራረብ፤ ከተደራረበ በራሱ እንፋሎት ይርሳል። ማጥቀሻውን ከዳጣ ሠራሁት። ሎሚ ጨመቅሁበት፣ ነጭ ሽንኩርት ደቆስኩበት፣ ማር ጠብ አደረግሁበት። ቡላ የሚያደርገውን ስንዴ አያደርግም። ሳሎን ውስጥ ሲነክሱት ኩርሽምሽሙ ወጥ ቤት ድረስ ተሰማኝ። እውነቱን ልንገርህ፣ ደስ አለኝ።

ሰውዬው ሳህኑን እንደያዘ ወጥ ቤት መጣ። የማን ሚስት እንደሆንኩ ሲጠይቀኝ ስምህን ነገርኩት። ፊቱ ላይ ምንም የተለወጠ ነገር አልነበረም። ለአብዮት በዓል ይታያል አለኝና ቅዳሜ እንድመለስ አዘዘኝ። እኔ ሞኟ ወደ ቤት የሄድኩት በደስታ ነው። ጋቢህን አጥቤ አሰጣሁት፤ ትርፊትም ዶሮ ሰጠችኝ። በዓሉ አለፈ። ለሚቀጥለው አለኝ። የሚቀጥለውም አለፈ። በዓል በመጣ ቁጥር ጋቢህን ሳጥብ ከማለቁ በፊት ይፈቱልኝ እያልኩ ከራሴ ጋር እቀልድ ነበር። ቅዳሜ ግን አንድም ጊዜ አልቀረም፤ ሽሪምፕ በጠፋበት ሳምንት እንኳ ዓሣ በቡላ እጠብስለት ነበር።

እነ ጵርስቅላ፣ አብረውን ይጸልዩ የነበሩት ሴቶች፣ ቤቴ ውኃ መጠጣት ተዉ። ግማሾቹ እጇ ትል ነክቷል አሉ። ግማሾቹ ወሬ አቀባይ ሆናለች አሉ። ትሉን ይቅር አልኳቸው፣ ሁለተኛው ግን እስካሁን ከልቤ አልወጣም። የዘይቱም ሽታ ከነጠላዬ አልለቅ አለኝ። ትዝ ይልህ እንደሆነ አንድ ቀን ስንቅ ሳቀብልህ በአጥሩ በኩል ምን ምን ትሸቻለሽ ብለኸኛል። ዘበኛው ያዳምጥ ስለነበር ትርፊት ቤት ቦምቦሊኖ መጥበስ ጀምሬያለሁ አልኩህ። «እሰይ፣ ሥራ አገኘሽ» አልክና አብረውህ ለታሰሩት ሁሉ ተናገርክ።

አንድ ቅዳሜ ከአዲስ አበባ እንግዶች መጡ። ሁለተኛውን ሳህን ይዤ ከመጋረጃው ኋላ ስደርስ አንዱ እንግዳ ይህችን ሴት ለእኛ ስጠን ይለዋል። ቸኮል ሳቀ።

«ባሏ እዚህ እስካለ የትም አትሄድም» አለ። «ከፈታሁት ይዟት ዱራሜ ይገባል። ከዚያ ማን ይጠብስልኛል?»

ሁሉም ሳቁ። መጋረጃውን ገልጬ ገባሁ፤ ሳህኑን አስቀመጥኩላቸው። ሌላ ምን ላድርግ? ወጥ ቤት ተመልሼ ምድጃው አጠገብ ስቀመጥ ነገሩ ሁሉ ገባኝ። ያሰረህ ጸሎቱ ነበር፣ ያቆየህ ግን የእኔ እጅ ነው። እኔ ባማረልኝ ቁጥር አንተ ትቆያለህ። አስናቀች የሰማሁትን ሰምታ ስለነበር ቀና ብላ ልታየኝ አልቻለችም።

በሚቀጥለው ቅዳሜ ዘይቱ ሳይግል ጨመርኩት። ልፍስፍስ ብሎ፣ ዘይት ጠጥቶ ወጣ። ሰውዬው አልጮኸም። አንዷን ነክሶ ሳህኑን ገፋ አደረገና ዛሬ ልብሽ እዚህ አልነበረም አለኝ። እሁድ ስንቅህን ይዤ ስመጣ ዘበኛው ዋለ አልቀበልም አለኝ። ሰኞም እንደዚሁ። ዋለ ክፉ ሰው አይደለም፤ «እቴ፣ ታዝዤ ነው፣ እኔን አትይኝ» እያለ ፊቱን ያዞር ነበር። በዚያ ሳምንት ታምሜ የቀረሁ መስሎህ ስትጨነቅ እንደሰነበትክ ኋላ ነገርከኝ። አልታመምኩም። ቆጮና አይቡን ይዤ ከበሩ ውጭ ቆሜ ነበር። ስትስል ይሰማኛል፣ መጥራት ግን አልችልም። ቅዳሜ ደረሰና አሳምሬ ጠበስኩ፤ እሁድ በሩ ተከፈተልኝ።

እንግዲህ ሁኔታዬን ተመልከተው። ባሳምር አትፈታም፤ ባበላሽ ትራባለህ። ቀን ከሌት ሳወጣ ሳወርድ ሰነበትኩና የሰውዬውን ጠባይ ያዝኩ። ብቻውን ሲሆን የተናገረውን እንደ ምራቁ እንኳ አይቆጥረውም፤ በእንግዳ ፊት የተናገረውን ግን አያጥፍም፣ ክብሩ ይመስለዋል። እንግዶች የበዙበት ቀን ጠብቄ ሳህኑን አስቀመጥኩና እዚያው ቆሜ ለመንኩት። ባለቤቴን ይፍቱልኝ፣ እኔ ግን ወይዘሮ አስናቀችን አስተምራለሁ፣ እጃቸው ሲደርስ ይሸኙኛል አልኩ። እንግዶቹ አጨበጨቡ። እሱም መሳቅ ግድ ሆነበት።

«ይሁን» አለኝ። «ሚስቴ እንዳንቺ የጠበሰች ቀን ትሄጃለሽ። እስከዚያ ባልሽ ሆሳዕና ውስጥ ቢታይ ግን ስንቅ ማመላለሱን እንደገና ትጀምሪያለሽ።»

በሳምንቱ ወጣህ። መናኸሪያ ወስጄ አውቶቡስ ላይ ሳሳፍርህ ትንሽ ሥራ አለብኝ፣ ጨርሼ እከተልሃለሁ ያልኩህ ይህንን ነው። እውነቱን ብነግርህ እንደማትሳፈር አውቃለሁ። ከስተህ፣ ጋቢው ሰፍቶህ፣ በመስኮት እጅህን ስታወዛውዝ ሳቅሁልህ። ሥራው ሁለት ሦስት ቅዳሜ ቢፈጅ ነው ብዬ ነበር።

ክረምቱ ወጣ። መስቀልም አለፈ። አስናቀች አልቻለችም። አንድ ቅዳሜ ታሳርረዋለች፣ በሚቀጥለው ጨው ታበዛለች፣ በሌላው ክሩን ማውጣት ትረሳለች። ሰውዬው አንዷን ቀምሶ የጣቢታን አምጡ ይላል፣ እኔ በጎን የጠበስኩት ይቀርባል። አንድ ቀን ንዴቴን መቆጣጠር አቅቶኝ ጭልፋውን ከእጇ ነጠቅኋት። ይቅርታ አድርጊልኝ አለችኝ፤ የባለሥልጣን ሚስት ለእኔ። ቆይቶ ግን አንድ ነገር ከነከነኝ። ያልቻለ ሰው ያንኑ ስህተት ሲደጋግም ነው የማውቀው። እሷ ግን በየሳምንቱ አዲስ ስህተት ነበራት።

ያለፈው ቅዳሜ ጠና ዕቃ ሲያደርስ በጋሪው አሳፍሮኝ ከወትሮው ቀድሜ ደረስኩ። ጓሮ ስገባ የመጥበሻው ድምፅ ተሰማኝ። ያን ድምፅ አውቀዋለሁ። ዘይቱ ልክ ሲሆን፣ ቡላው ሲይዝ፣ ጩኸቱ ሲሳሳ። በሩ ላይ ቆሜ አየኋት። ብቻዋን ነበረች። ትንሽ ሽሪምፕ ጠብሳ ሳትደራርብ ወንፊት ላይ አንጥፋ፣ ዳጣ እያጠቀሰች ቆማ ትበላለች። ስታየኝ አልደነገጠችም። አንዷን አጥቅሳ አጎረሰችኝ። ጉርሻ አይመለስምና ጎረስኩ። ከእኔ ይበልጥ ነበር ወልዴ።

ከመቼ ጀምሮ እንደምትችል ጠየቅኋት። ባልሽ ከወጣ ብዙም ሳይቆይ ነው አለችኝ። ታዲያ ለምን ታበላሺያለሽ አልኳት።

«አንቺ ያለሽ ቀን አይመታኝም» አለችኝ። «ሰው አለ ብሎ እጁን ይሰበስባል። ቅዳሜ ብቻ ነው ሳልፈራ የምውለው፣ ጣቢታ። አትንገሪው።»

ልጮህባት ፈልጌ ነበር። እኔ እዚህ ስማቅቅ፣ አንተ እዚያ ስትጠብቅ፣ እሷ በየቅዳሜው ሆን ብላ ስታሳርር! አልቻልኩም። ሽርጤን አሰርኩና የዕለቱን ጥብስ ጠበስኩ። እሷም የእሷን ድርሻ አሳረረች። ከዚያ ወዲህ ሳስብ ነው የሰነበትኩት። ይዣት ልምጣ? ዱራሜ ድረስ ይከተላታል፣ መጀመሪያ የሚታሰረውም አንተ ነህ። ወገኖቿ ጋ ትሂድ እንዳልል፣ ወሎ ማን ቀረላት? ከድርቁ የተረፉት ለሰፈራ ተወስደዋል፣ የት እንዳሉ እንኳ አታውቅም። ሌላ ቅዳሜ ልቆይላት? አንዱን ቅዳሜ ከቆየሁ የሚቀጥለውንም እቆያለሁ። አንተ ደግሞ አትታገሥም፣ ትመጣለህ፣ ይይዙሃል። ሳልህን አውቀዋለሁ፤ ሁለተኛ እዚያ ከገባህ አትወጣም።

ስለዚህ የማደርገውን ልንገርህ። ነገ ቅዳሜ ነው፣ ቤቱ በእንግዳ ይሞላል። እጄን በጨርቅ ጠቅልዬ እሄዳለሁ። ዘይት ፈሰሰብኝ እላለሁ። የምትጠብሰው እሷ ብቻ ትሆናለች። ካበላሸች እንግዳ ፊት አዋርደሽኛል ብሎ እንግዶቹ ሲሄዱ ምን እንደሚያደርጋት ታውቃለች። ስለዚህ አታበላሽም። አሳምራ ትጠብሳለች፣ ይበላል፣ ያደንቃል። ያኔ መጋረጃውን ገልጬ እገባና በሁሉም ፊት፣ የወይዘሮ አስናቀች እጅ ደርሷል፣ ቃልዎን ይጠብቁልኝ እለዋለሁ። ይጠብቃል።

ብታሳምር እሄድባታለሁ፤ ብታበላሽ ትመታለች። ይህን ነገር ከየት እንደተማርኩት አንተ አትነግረኝም፤ አውቀዋለሁ። እሱ እኔን ያስገባበት ወጥመድ ነው፤ እኔ ደግሞ እሷን አስገብቼ በሩን ከውጭ ልዘጋባት ነው። መጀመሪያ የሄድኩ ቀን ያስለቀሳትን ሽሪምፕ እኔው ነኝ ከእጇ ተቀብዬ የጠበስኩላት። ከአንተ ቀጥሎ በዚህ ከተማ ያጎረሰኝ ሰው ደግሞ እሷ ናት። ይህን ሁሉ እያወቅሁ ነው የምሄደው። ካንተና ከእሷ ምረጪ ከተባልኩ መርጫለሁ።

ደብዳቤውን ጠና ዛሬውኑ ይዞልህ ይመጣል፤ አንብበህ አቃጥለው። ሰኞ በመጀመሪያው አውቶቡስ እሳፈራለሁ። ዱራሜ መናኸሪያ ጠብቀኝ፣ ከዚያ ወዲህ ግን አንዲት እርምጃ እንዳትመጣ። ስመጣ ስለ አስናቀች አትጠይቀኝ። ስትጸልይ ግን ስሟን ጥራላት። እኔ ሞክሬ ነበር፣ አልሆነልኝም።

ያንተው ጣቢታ